የእንጦጦ ባሕር ዛፍና የከተማይቱ ሥርዓት



የምጣኔ ሀብት መዘመን ኑሮን ብቻ ሳይሆን የሥልጣንንም አቀማመጥ እንደሚለውጥ ለመረዳት ከየካ ሆኖ ወደ እንጦጦ ጋራ ቀና ማለት ይበቃል።

ዳግማዊ ምኒልክ በ1882 ዓ.ም. በእንጦጦ ማርያም ዘውድ ሲደፉ፣ የንጉሥ ሰፈር ማገዶ በነጠፈ ጊዜ የሚነቀል ነበር። አዲስ አበባም በእንጨት እጦት ልትተው ተቃርባ፣ መናገሻውን ወደ አዲስ ዓለም ማዛወር ታስቦ ነበር። ከተማይቱን ባለችበት ካጸኗት ነገሮች አንዱ፣ መነሻው አውስትራሊያ የሆነው ባሕር ዛፍ ነው። ቶሎ ይደርሳል፤ ቢቆረጥም ከጉቶው ዳግም ያቆጠቁጣል። መናገሻው ሲረጋ ባንክ በ1898፣ ሚኒስትሮች በ1900፣ ባቡር በ1909 ዓ.ም. ተከታትለው መጡ። የማይነቀል ከተማ የማይነቀል መንግሥት መሠረት ሆነ።

ይሁን እንጂ የዛፉ ባለቤት ሌላ፣ ተሸካሚው ሌላ ነበር። ከጋራው ጭራሮና ቅጠል ለቅመው በጀርባቸው ተሸክመው የሚወርዱ ሴቶች የመዲናይቱን ምጣድ ሲያሞቁ ኖሩ፤ ስለ ጋራው በሚመከርበት ሸንጎ ግን ድምፅ አልነበራቸውም።

አሜሪካዊው ምሁር ሳሙኤል ሀንቲንግተን እ.ኤ.አ. በ1968 ባሳተመው መጽሐፍ፣ ኅብረተሰቡ ከፖለቲካ ተቋማቱ ቀድሞ ሲለወጥ ሥርዓት እንደሚናጋ አስረድቷል። የካቲት 1966 ዓ.ም. ለዚህ ምስክር ነው። አድማ የመቱት መምህራንና የታክሲ ነጂዎች ራሳቸው የዘመናዊው ኢኮኖሚ ልጆች ነበሩ፤ ጥያቄያቸውን ተቀብሎ የሚያቀርብ የፖለቲካ ፓርቲ ግን አልነበረም። በዚያው ዓመት የተጀመረው እንቅስቃሴ ዘውዱን ጣለ። በሐምሌ 1967 ዓ.ም. የወጣው አዋጅ ቁጥር 47 የከተማን ቦታና ትርፍ ቤትን የመንግሥት አደረገ። ተከራዩ ከባለ ርስቱ ተላቀቀ፤ ነገር ግን ፊቱን ወደ ቀበሌ ማዞር ግድ ሆነበት። ጌታው ተለወጠ እንጂ ደጅ መጥናቱ አልቀረም።

የየካ መልክ ዛሬም በመለወጥ ላይ ነው። የከተማ ባቡር በ2008 ዓ.ም. እስከ አያት ዘለቀ፤ በየካ አባዶ የጋራ መኖሪያ ቤቶች ተሠሩ፤ በ2013 ዓ.ም. የእንጦጦ ፓርክ ተከፈተ። ለብዙዎች የማገዶ ምንጭ የነበረው ጋራ ለከተሜው መናፈሻ ሆነ። ልማቱ የሚደነቅ ነው። ነገር ግን መንገድና ሕንፃ ብቻቸውን ዜጋን ባለ ድምፅ አያደርጉም፤ ይህን የሚያደርጉት ማኅበራት፣ ምክር ቤቶችና የሚከበር ሕግ ናቸው።

ስለዚህ ባለሙያው ካርታ ከመዘርጋቱ አስቀድሞ፣ በጋራው ላይ የሚኖረውንና ከጋራው የሚበላውን ሰው ሊጠይቅ ይገባዋል። ሳይጠየቅ የቀረ ሰው ፀጥ ማለቱ መስማማቱን አያሳይም፤ የ1966 ዓ.ም. ትምህርትም ይኸው ነው።